ሦስት ለሁለት

«ነጣብሽ እኮ፣ እማ!» አለች ልጄ፣ ብሩሹን ከእጄ እየወሰደች።

እውነቷን ነው። ቢጫው ግድግዳ ላይ የቀባሁት ቀለም ወተት መስሎ ቁጭ ብሏል።

የተሰነጠቀውን ቦታ የባሌ ወንድም ለስኖልናል። ነገ ይመለሳል፤ ልስኑ ከቀረው ግድግዳ ጋር ካልተመሳሰለ ክፍሉን በሙሉ ነጭ ሊቀባው ነው። «ድሪቶ አስመስለን አንተወውም» ብሏል። ክፋት የለውም፣ ለእኛው አስቦ ነው። እኔ ግን ባሌን ከቀበርኩ ዓመትም አልሞላኝ። ይሄን ቀለም የበጠበጠው እሱ ነው። ቀለሙም እንዳይሸፈንብኝ ነው ዛሬ የምታገለው።

«አባዬ ስንት በስንት ነበር የቀላቀለው?»

«ስድስት ጣሳ ነጭ፣ አራት ጣሳ ቢጫ። አዲስ ሙሽሮች ሳለን ነው፤ ጣሳውን ያቀበልኩት እኔ ነኝ። ለዚች ቁራጭ ቦታ ያን ያህል ምን ያደርግልናል? በስኒ አደረግኩትና ከሁለቱም ሦስት ሦስት ቀነስኩ። ሦስት ነጭ፣ አንድ ቢጫ። እኩል ነው የቀነስኩት!»

«አይቀነስማ! ቢጫውን እኮ በጣም አሳነስሽው። ጥምርታ የሚቃለለው በማካፈል ነው። ስድስቱንም አራቱንም ለሁለት አካፍዪ፤ ሦስት ለሁለት።»

«እሺ፣ የኔ መምህርት።»

ሦስት ስኒ ነጭ፣ ሁለት ስኒ ቢጫ ቀዳች። ትንፋሿን ውጣ ስትለካ ቁርጥ አባቷን። በጠበጠች፣ ቀባች፣ እስኪደርቅ ደጃፉ ላይ ተቀመጥን።

ደርቆ ስናየው ከግድግዳው ይልቅ ደምቋል። ከሩቅ ያስታውቃል።

«ሂሳቡ ትክክል ነው እኮ» አለች፤ ዓይኗ እንባ አቀረረ። «የት ላይ ነው የተሳሳትኩት?»

«ተይው በቃ» አልኳት። «ይልቅ አጎትሽ ነገ እንዳይቸገር ቁም ሳጥኑን እናንሳለት።»

ቁም ሳጥኑ ባሌ ቀብቶ ሲጨርስ ካስጠጋነው ጀምሮ ከቦታው ንቅንቅ ብሎ አያውቅም። እኔ ስገፋ እሷ ስትስብ፣ እያቃሰተ ወጣ።

ልጄ ድንገት መሳቧን አቆመች። ከቁም ሳጥኑ ጀርባ፣ የመስኮቱ ፀሐይ ደርሶበት የማያውቀው ግድግዳ ቢጫው ቦግ ብሏል። እሷ አሁን የቀባችው ቀለም ነው፣ ራሱ። ለካስ የደበዘዘው ሌላው ነው፤ በየቀኑ እያየሁት ደብዝዞ አላወቅኩም።

እጄን ባሌ የቀባው ላይ አሳረፍኩ። ቀዝቃዛ ነው። እንባዬን አልከለከልኩትም።

«አጎትሽ ጋ ደውይ» አልኳት በመጨረሻ። «ይቅባው፣ ሙሉውን ይቅባው። ነጭ ብቻ ግን እንዳያመጣ። ሦስት ለሁለት በይው።»