የትናንቱ ምሳ ዕቃ

ባለቤቴ ከማለዲን ከታሰረ ሁለት ዓመት አለፈው። በየጠዋቱ ከአቃቂ በታክሲ ቃሊቲ እሄድና ስንቁን አቀብላለሁ፤ የትናንቱን ምሳ ዕቃ ባዶውን ይዤ እመለሳለሁ። አንድም ቀን ቀርቼ አላውቅም። ማልቀሱንም ከተውኩ ቆየሁ።

ከመታሰሩ በፊት ጂኦግራፊ ያስተምር ነበር። ማታ ፈተና እያረመ ስለ ዋሻ ያወራኛል። ዝናብ ከአየሩና ከአፈሩ ኮምጣጣነት ይዞ ይሰርግና የኖራ ድንጋዩን እያሟሟ ይቦረቡረዋል። ከዋሻው ጣሪያ የሚንጠባጠበው ውሃ ደግሞ የያዘውን ኖራ ወለሉ ላይ እየተወ ድንጋይ ያበቅላል።

«አንድ ጣት ለማደግ ሺህ ዓመት ይፈጅበታል» ይለኛል።

«እዚህስ አለ?» አልኩት አንዴ።

«የእኛ ሰፈር ድንጋይ እሳተ ገሞራ የተፋው ነው። እንዲህ ያለውን ባሌ ሄደሽ እዪ።»

ሰኞ ምሳ ዕቃው ውስጡን ነጭ ነገር ለብሶ ተመለሰ። የውሃው ጨው ነው ብዬ ሎሚ ስጨምቅበት አረፋ ደፈቀ። አጥቤ መልሼ ላክሁት።

ዛሬ ክዳኑ አልገጥም ብሎ በፌስታል ተጠቅልሎ ወጣልኝ። ከመሃሉ ነጭ ድንጋይ በቅሏል። ጣቴን አስጠግቼ ለካሁት፤ እኩል ናቸው። ትናንት የላክሁት ቀይ የፕላስቲክ ማንኪያ ግማሹ ድንጋዩ ውስጥ ነው። በሚስማር የጫርኩበት የከማለዲን ስም ይነበባል።

«ይሄ የትናንቱ ነው?» አልኳት ስንቅ የምትቀበለውን ፖሊስ።

«አዎ፣ የትናንቱ ነው» አለችኝ መዝገቧን እየገለጠች። «ምነው እንዲህ ቆየች ብሎ ጠየቀኝ።»