መቂ ማዞሪያ

የስልክ ክፍሏ መስታወት ሲረግፍ የማዞሪያዋ ኦፕሬተር የጥሩነሽ ማዳመጫ ጆሮዋ ላይ ነው። "ነጋሳ፣ ስማኝ፣ ዛሬ..." የሚለው የወዬሳ ድምፅ በጠብመንጃ ሰደፍ ተቋረጠ። ምቱን በሁለቱም ጆሮዋ ሰማችው፤ በአንዱ ከክፍሉ፣ በአንዱ ከሽቦው።

ወዬሳ የሽንኩርት ደላላ ነው። ሰባት ዓመት ሙሉ በየጠዋቱ እዚህ ስልክ ቤት ይመጣል፤ ከአዲስ አበባ ታገናኘዋለች፣ ገበያውን ይጠይቅና መኪናውን ያስነሳል። ዛሬ ግን የደወለው ለታናሽ ወንድሙ ነው። ነጋሳ ዩኒቨርሲቲውን ጥሎ እዚያው አዲስ አበባ ከተደበቀ ሦስት ወሩ ነው፤ አብዮት ጠባቂዎች በየቦታው ይፈልጉታል።

ሰብረው የገቡት ሁለት ጠባቂዎች ወዬሳን ከክፍሏ ጎትተው አወጡትና ወለሉ ላይ ይረግጡት ጀመር። እንዳይጮህ አንዱ አፉ ላይ ቆመበት። አብሯቸው የመጣው ካድሬ የተንጠለጠለውን የስልክ እጀታ አነሳና ድምፁን አለሰለሰ።

"ሄሎ ነጋሳ?"

"ማን ልበል? ምንድነው የተንኮሻኮሸው?"

"እጀታው ወድቆ ነው። የወዬሳ ሾፌር ነኝ፤ እሱ ጭነት ሊያይ ወጣ አለ። ዕቃ አድርስለት ብሎኛል፣ የት ላምጣልህ?"

"እግዜር ይስጥልኝ ወንድሜ።" ገና ልጅ እንደሆነ ድምፁ ያስታውቃል። "ከአውቶቡስ ተራው ጀርባ፣ ወፍጮ ቤቱን እንዳለፍክ..."

ጥሩነሽ የመስመሩን ገመድ ከማዞሪያው ነቀለችው።

ከዚያ የነጋሳ ቁጥር የተጻፈበትን ቁራጭ ወረቀት አፏ ውስጥ ከተተችና ሳታኝክ ዋጠችው። ካድሬው ባንኮኒውን ዘሎ ደረሰባት።

"ማነው የቆረጠው?"

"መስመሩ ነው፣ ጌታዬ።"

"ቁጥሩስ?"

"አላስታውሰውም።"

ቀኝ እጇን ባንኮኒው ላይ ዘረጋው። ጠባቂው ሰደፉን አሳረፈበት። ጣቶቿ ሲሰበሩ ከሕመሙ በፊት ድምፃቸውን ሰማች።

ማዞሪያው ጠራ። አዲስ አበባ ነው። ካድሬው ሽጉጡን ጉንጯ ላይ ተከለ።

"አንሺ። አገናኚ።"

በግራ እጇ ገመዱን ሰካች።

"ሄሎ መቂ!" አሳየች ናት፤ የአዲስ አበባዋ ኦፕሬተር፤ ስንት ዓመት አብረው ሲሠሩ በድምፅ እንጂ በመልክ አይተዋወቁም። "የተቋረጠባችሁ ደንበኛ እየጠበቀ ነው። ላገናኝ?"

ጥሩነሽ ወለሉን አየች። ወዬሳ በጎኑ ተጋድሟል። ዓይኑ ተከፍቷል፤ ዝንብ ስታርፍበት አልተርገበገበም።

"አታገናኚ፣ አሳየች። ወንድሙን ገደሉበት። አሁኑኑ ካለበት ይጥፋ በይው!"

የሽጉጡ እጀታ ጥርሷ ላይ አረፈ። ከወንበሩ ስትወድቅ ማዳመጫው አብሯት ወረደ፤ ከጆሮዋ ግን አልወለቀም። ከሽቦው ማዶ ትንፋሽ ይሰማል።

"ሰምቻለሁ፣ እህቴ" አለች አሳየች።

ቀጭ አለ። መስመሩ ባዶ ሆነ።