የዛሬ እንቁላል

«የለም» ይላሉ እትዬ ጽጌሬዳ፣ ከንብ ቀፎዬ ያወጡትን የሰም ፍሬም ወደ ጀንበሯ አዘንብለው። «አንድም እንቁላል የለም። ንግሥት ብትኖር ትጥል ነበር። በቃ ሮሆቦት፣ ጋዜጣውን አምጪ።»

ጋዜጣው እጄ ላይ ነው። የኔ ቀፎ ንግሥት የለውም ካልን፣ በእሳቸው ቀፎ ላይ ጋዜጣ አንጥፈን የኔን ከላይ እንጭነዋለን። ንቦቹ ወረቀቱን ቀድደው እስኪጨርሱ ጠረናቸው አንድ ይሆናል፤ ከዚያ በኋላ የኔ ቀፎ የሚባል ነገር አይኖርም። ንግሥት እያለች ካደረግነው ደግሞ ሁለቱ ንግሥቶች ይገናኙና አንዷ ትሞታለች።

እኔ ግን እንቁላል አያለሁ።

ከሰሙ ቀዳዳዎች ሥር ነጭ ነጭ ነገር አለ፤ የተቆረጠ የክር ጫፍ ያክላል። ዓይኔን ጨፍኜ እከፍታለሁ። አሁንም አለ።

«እትዬ፣ ይሄስ?»

«የቱ?»

«ይሄ፣ ጣቴ ያለበት።»

ቀረብ ብለው ያዩታል። «የአበባ ዱቄት ነው።»

የአበባ ዱቄት ቢጫ ነው። ይህንን ያስተማሩኝ ራሳቸው ናቸው።

እትዬ ደግሞ ተሳስተው አያውቁም። ከሐይቁ በስተምሥራቅ ባለው ግቢያቸው ውስጥ ተከራይተን ነው የምንኖረው። እናቴ ከሞተች ወዲህ አባቴ ታምሩ የሚያውቀው ሁለት ነገር ነው፤ ቢሮ መሄድና «እትዬን ጠይቂ» ማለት። ፀጉሬን መሥራት ያሳዩኝ እሳቸው፣ የመጀመሪያ ጡት መያዣዬን ከፒያሳ የገዙልኝ እሳቸው። የወር አበባዬ ሲመጣ የምሞት መስሎኝ ሳለቅስ መጀመሪያ ሳቁብኝ፣ ከዚያ አቀፉኝ።

አምና አቮካዶው ላይ ያረፈውን የንብ መንጋ በካርቶን ስይዝ ከታች ቆመው «ቀስ፣ አትቸኩዪ» ይሉኝ ነበር። ቀፎ ውስጥ ከገባልኝ በኋላ «ያንቺ ነው» አሉ። በሕይወቴ የኔ ነው ያልኩት ነገር ይሄ ብቻ ነው። አባቴ እንኳን እዚህ ጥግ ሲመጣ እኔን ሳያስፈቅድ አይጠጋም።

ታዲያ አሁን ማንን ልመን? ምናልባት እየፈተኑኝ ይሆናል። ምናልባት እንቁላል እንዲኖር ስለፈለግኩ ይሆናል የታየኝ፤ ሰው ሲጓጓ ያልነበረውንም ያያል። አንድ ክፉ ሐሳብም ይመጣብኛል፤ ንቦቼን ለራሳቸው ቀፎ ፈልገዋቸው ቢሆንስ? ወዲያው አፍራለሁ፤ ከንብ መከላከያው መረብ ውስጥ ፊቴ ይግላል።

«ምን ትጠብቂያለሽ? መሸ እኮ።»

እውነታቸውን ነው። ጀንበሯ ወደ ሐይቁ አዘቅዝቃለች። ትንሽ ከቆየን ለማንም አይታይም።

እሺ ልል አፌን እከፍታለሁ። እሺ ማለት ይቀላል። እሺ ብዬ ብሳሳት ጥፋቱ የሳቸው ነው፤ እምቢ ብዬ ብሳሳት ግን የኔ ብቻ ነው።

ጣቴን አንስቼ ወደ ፍሬሙ ታችኛው ጥግ እወስዳለሁ። «እዚህም አለ፤ ይዩት።»

«አየሁት። ዱቄት ነው አልኩሽ እኮ።»

ዓይናቸው ግን ያረፈው ጣቴ ቅድም የነበረበት ቦታ ላይ ነው።

«እትዬ» እላለሁ። ለትልቅ ሰው እንዲህ ዓይነት ጥያቄ እንዴት እንደሚጠየቅ አላውቅም። «ይታይዎታል?»

ፊታቸው ላይ ያለውን አየር በእጃቸው ያራግባሉ። ከዚያ «ጭሱ ነው» ይላሉ። ማጨሻው ውስጥ ያለው ኩበት ከጠፋ ቆይቷል፤ ሁለታችንም እናውቃለን።

ፍሬሙን ቀስ ብለው እጄ ላይ ያኖሩታል። «ከክረምት ጀምሮ ነው። አንቺን አይሻለሁ፤ ንቧንም አያታለሁ። እንቁላሉ ነው እምቢ ያለኝ። ዛሬ ይሻለኛል፣ ነገ ይሻለኛል እያልኩ...» ድምፃቸው ይቆረጣል፤ ተመልሶ ሲመጣ የቁጣ ነው። «ለአባትሽ ደግሞ እንዳትነግሪ። ሐኪም ቤት ካልወሰድኩዎት ብሎ ይጨቀጭቀኛል።»

ልቆጣቸው እፈልጋለሁ፤ ንግሥቴን ሊያስገድሉብኝ ነበር። ላቅፋቸውም እፈልጋለሁ። አንዱንም አላደርግም። ልክ መሆኔ ሊያስደስተኝ ሲገባው ያስፈራኛል። ግራ ሲገባኝ የምጠይቀው እሳቸውን ነበር።

«ታዲያ ምን እናድርግ?» እላለሁ፣ ከልማድ።

«እኔ ምን አውቄ? የምታይው አንቺ ነሽ። ቀፎውም ያንቺ ነው።»

ብርሃኑ በትከሻዬ በኩል አልፎ ቀዳዳዎቹ ውስጥ እንዲገባ ፍሬሙን አዞራለሁ። አንዲት ንብ ጓንቴ ላይ ወጥታ ትሄዳለች፤ አላራግፋትም።

«አናቀላቅላቸውም» እላለሁ።

«እርግጠኛ ነሽ?»

«አይደለሁም።» ዓይኔን ከፍሬሙ አላነሣም። «ግን አናቀላቅላቸውም።»

ይቆጣሉ ብዬ እጠብቃለሁ። እትዬ ግን በእጃቸው እየዳበሱ የተገለበጠውን ሳጥን ያገኙና ይቀመጡበታል። የትናንት እንቁላል ያዘነብላል፣ የዛሬ እንቁላል ቀጥ ብሎ ይቆማል፤ ያንን የነገሩኝ ንብ በጀመርኩ ሰሞን ነው።

«ቆመዋል ወይስ አዘንብለዋል?»

«መሃል ያሉት አዘንብለዋል። በዙሪያቸው ያሉት ቆመዋል።»

«ቀጥ ብለው?»

«ቀጥ ብለው።»

«እንግዲያው ዛሬ እዚህ ነበረች» ይላሉ፣ ለራሳቸው። ዓይናቸውን ይጨፍናሉ። «በይ ንገሪኝ። ከላይኛው ረድፍ ጀምሪ።»

«ይሄ አለው» እላለሁ። «ይሄም አለው። ይሄ ባዶ ነው። ይሄ አለው።»

በያንዳንዱ ላይ መረቡ ውስጥ ራሳቸውን ይነቀንቃሉ።