መርዶ ይዞ የመጣው

ከሶማሊያ ሲመለስ ከቤቱ በፊት አጎቱ ዘንድ ጎራ አለ። ጓደኛው ሞላልኝ ባይደዋ ላይ እቅፉ ውስጥ ነው የሞተው። ያ ጦርነት ለምን እንደተጀመረ ለእሱም ያስረዳው የለም፤ ለሟች እናት ምን ብሎ እንደሚያስረዳ ጨንቆታል።

«ጋሼ፣ እናቱን ሳላረዳ ቤቴ አልገባም» አለ፤ ሻንጣውን ከትከሻው ማውረድ እንኳ ታክቶት። «ከአባባ ጋር ሆነው ሽማግሌ ይሰብስቡልኝ።»

«አባትህ ጸበል ሄዷል» አሉት አጎቱ፣ ስልክ በደወለ ቁጥር እንደሚሉት። «ሰዉን ሁሉ እኔ እጠራለሁ። መርዶ በማለዳ ነው፤ አሁን እዚሁ ተኛ።»

ጎህ ሲቀድ ከክፍሉ ወጣ። ጎረቤቱ በሙሉ ነጠላውን አዘቅዝቆ ግቢውን ሞልቶታል። የሚናገረውን በልቡ ደገመና «በሉ እንሂድ» አለ።

ከቦታው የተንቀሳቀሰ የለም። ከሰዉ መሀል አባቱን በዓይኑ ፈለገ። ጥቁር የለበሱ አንዲት ሴት ተነስተው እጁን ያዙት፤ የሞላልኝ እናት ናቸው።

«እኔማ መርዶዬን ከሰማሁ ከረምኩ፣ ልጄ» አሉት። «ና፣ አጠገቤ ቁጭ በል። የመጣነው ላንተ ነው።»