ተቀባይ ያጣ መስመር

«አይሪሽ ብለሽ ጻፊ» አለች ሴትዮዋ።

«እንዳትጽፊ» አለ የታካሚው ልጅ።

ነርሷ ቤዚ ፎርሙን ጉልበቷ ላይ እንደዘረጋች ቀረች። ከቀኑ በስተቀር፣ ኦክቶበር 1994 ከሚለው በስተቀር፣ የተሞላ ነገር የለውም። «የታካሚው ቋንቋ» የሚለው ቦታ ሦስት ጊዜ ተጽፎ ሦስት ጊዜ ተሰርዟል።

ከመሀላቸው ሚስተር ማክሎድ በተሽከርካሪ ወንበራቸው ላይ እንደተቀመጡ ደግሞ ጀመሩ። አንዲት መስመር በችኮላ፣ ከፍ ባለ ዜማ አወጡና ቆሙ። ጠበቁ። ከዚያ ያችኑ መስመር እንደገና። እንግሊዝኛው ከጠፋባቸው ሦስት ሳምንታቸው ነው፤ ፋይላቸው ላይ «ይጮኻሉ» ተብሎ ተጽፏል። ዛሬ ካልተረጋጉ በመርፌ ይተኛሉ፣ ነገ በሩ ወደሚቆለፈው አራተኛ ፎቅ ይዛወራሉ።

ገረመው ወንበሩን ከኋላ ይዞ ቆሟል። በዚህ የቶሮንቶ የአረጋውያን መኖሪያ ሥራው ማጠብ፣ ማልበስና መግፋት ነው፤ የቀረውን ጊዜ ይሰማል።

ሴትዮዋ ከአየርላንዶች ማኅበር በበጎ ፈቃድ የመጣች አስተርጓሚ ነች። ሽማግሌውን ሁለት ጊዜ አነጋግራ መልስ ስታጣ ወደ ታሪክ ዞረች። ቋንቋው ከአገሯ በጀልባ ተሻግሮ የሽማግሌው አገር ስኮትላንድ የገባ ስለሆነ ስሙም የእነሱ ነው አለች። ልጅየው ፊቱ ቀላ። ይህን ያህል ዘመን ለብቻው የኖረ ቋንቋ በሌላ ስም አይጠራም፤ ጌሊክ ነው፣ አባቱም ትምህርት ቤት ተገርፈውበታል። የእሷም አያት ተገርፈዋል። ለአፍታ በግርፋቱ የተስማሙ መስለው ነበር፤ ወዲያው ማን ይበልጥ ተገረፈ ወደሚለው አለፉ።

«ለመሆኑ አንተ ትናገረዋለህ?» አለች ሴትዮዋ።

«አባቴ አላስተማረኝም። ቶሮንቶ ምን ያደርግልሃል አለኝ። እርስዎስ፣ አንድ ነው እያሉ አንድ ቃል አልገባዎትም።»

ገረመው ይህንንም ሰማ። እሱም እሑድ እሑድ በኪራይ አዳራሽ ቅዳሴ ቆሞ በግዕዝ ሲቀበል ቃሉ ሁሉ ይገባዋል ማለት አይደለም። ወደሚኖርበት ሰፈር ወደ ሴንት ጄምስ ታውን ተመልሶ በግዕዝ ሻይ አፍሉልኝ አይልም። ግን መሪ ሲመራ ሕዝቡ ዝም ካለ ምን እንደሚሆን ያውቃል፤ መሪው ወደሚቀጥለው አይሻገርም።

«አባቴ አርባ ዓመት በደሴታችን ቤተ ክርስቲያን መዝሙረ ዳዊት መርቷል» አለ ልጅየው፣ ጣቱን ፎርሙ ላይ እየቀሰረ። «እሱ ጌሊክ ካለው ጌሊክ ነው።»

ገረመው ከወንበሩ ኋላ ወጣ አለ። «ይቅርታ፣ ጌታዬ» አለ በተሰባበረ እንግሊዝኛው። «አይጮኹም። መርተው ተቀባይ ነው የሚጠብቁት።»

ልጅየው ዞር አለ። «ጌሊክ ትችላለህ?»

«አልችልም።»

«እንግዲያውስ ተወው» ብሎ ተመለሰና ክርክሩን ቀጠለ። ሁለቱም እየተነጋገሩ ወደ ኮሪደሩ ወጡ።

ቤዚ ፎርሙን አልጋው ላይ ጥላ ወጣች፤ መርፌ ይዛ ተመለሰች።

«ቤዚዬ፣ ትንሽ ታገሺኝ» አላት ገረመው በአማርኛቸው።

«ጋሽ ገረመው፣ ሶሪ። አንድ ሰዓት ሙሉ ታገስኩ እኮ፤ የቋንቋውን ስም እንኳን አልነገሩኝም። ዶክተሩ ኦርደር አድርጓል።» የሽማግሌውን እጅጌ ሰበሰበች።

ሚስተር ማክሎድ መስመራቸውን አወጡ። ቆሙ።

ገረመው ፊት ለፊታቸው ተንበረከከ። ቃሉ የለውም። በልቡ አማተበና ዜማውን ብቻ፣ ሦስት ሳምንት የሰማውን፣ ዝግ አድርጎ፣ እየጎተተ፣ እስከ መጨረሻው ተቀበላቸው።

ቤዚ መርፌዋን እንደያዘች ቀጥ አለች። ከበሩ ወዲያ አሁንም ስለ ስሙ ይነታረካሉ።

ሽማግሌው ትንፋሽ ወሰዱ። ከዚያ ገረመው ሰምቶት የማያውቀውን ሁለተኛውን መስመር አወጡ።