የአቶ ማዳልቾ ልጅ

ናዳው መንደሩን ከዋጠ ወዲህ የኤክስካቫተር ኦፕሬተሩ እንቅልፍ በዓይኑ አልዞረም። ፍለጋው ይቁም ሲባል ሁሉም ዕቃውን ሰበሰበ። እሱ ግን አቶ ማዳልቾ እግሩ ላይ ወድቀው "ልጄን ሳታወጣልኝ አትሂድ" ስላሉት መቆፈሩን ቀጠለ። አመሻሽ ላይ የአንዲት ሕፃን አስከሬን ወጣ። አቶ ማዳልቾ "ልጄን! ልጄን!" እያሉ አቀፏት፤ በጋቢያቸው ጠቅልለው ቀበሯት። እሱም "ተመስገን፣ እሳቸው እንኳ አገኟት" ብሎ አብሯቸው አለቀሰ።

በማግስቱ ማሽኑን መኪና ላይ ጭኖ ሊሄድ ሲል አቶ ማዳልቾ እየሮጡ መጡ።

"የኔዋ ገና አፈር ውስጥ ናት፤ ጥለኸን ልትሄድ ነው?"

ኦፕሬተሩ ደነገጠ። "ታዲያ ትናንት የቀበሯት ማን ናት?"

"የጎረቤቴ ልጅ ናት። ከቤታቸው አንድም ሰው አልተረፈም፤ ያለ አልቃሽ ትቀበር?"