የባል ስም

ቂጣው ገና ሳይገለበጥ ጋዙ አለቀ። ሹብሃ ሲሊንደሩን እየነቀነቀች፣ ማታ ባሏን በምን ቃል እንደምትወቅሰው ስታሰላስል፣ ከግቢው ዥዋዥዌ በኩል ኩባያ ወድቆ ሲንከባለል ሰማች።

የባሏ አባት፣ አባባ ቱልሺራም፣ ዥዋዥዌው ላይ አንገታቸው ዘንበል ብሎ በላብ ተጠምቀዋል። የስኳር መርፌያቸውን ከተወጉ ቆይተዋል፤ ቁርስ ግን አልቀመሱም። ሹብሃ ክው አለች። ቁርሱን ያዘገየችው እሷ ናት። ሐኪሙ ስኳራቸው ሲወርድ ጣፋጭ ስጧቸው፣ ራሳቸውን ስተው ከሆነ ግን እንዳታጠጧቸው፣ ያንቃቸዋል ብሎ አስጠንቅቋል። ባጃጅ ያለውን ጎረቤት ጠርታ፣ ስኳር በጥብጣ ተመለሰች። አባባ ብትል፣ ትከሻቸውን ብትወዘውዝ፣ ወይ ፍንክች።

ሚስታቸው እማማ ያሙና ተንበርክከው “ይሰሙኛል? ኧረ ይስሙኝ” ይላሉ። ባላቸውን የሚጠሩበት ሌላ ቃል የላቸውም። የባሏን ስም የጠራች ሚስት ዕድሜውን ታሳጥራለች ተብለው ነው ያደጉት፤ አርባ ስድስት ዓመት ሙሉ አንዴም አፋቸውን አላዳለጣቸውም። ይባስ ብሎ ግቢው መካከል ያለው የሂንዱዎች ቅዱስ ተክል ስሙ ቱልሺ ነው፤ የባላቸው ስም መነሻ። ጠዋት ጠዋት ውኃ እያጠጡ ሲዞሩት “እሜቴ ቅጠል” ይሉታል። ሹብሃ ሙሽራ ሳለች፣ ለጉንፋን የሚፈላው ቅጠል ማን ነበር ስሙ እያለች ስንቴ ልታሳስታቸው ሞክራለች። እሳቸው መች የዋዛ ናቸው፤ በጣት ጠቁመው ዝም።

አሁን የአባባ ከንፈር እየነጣ ሄደ። እማማ ያሙና ሰማይ ሰማዩን አዩ።

“የሚያጥረው ዕድሜ ከእኔ ይሁን” አሉ ቀስ ብለው። ከዚያ የባላቸውን ፊት በሁለት እጃቸው ይዘው ጮኹ።

“ቱልሺራም! ተነስ! አፍህን ክፈት!”

አንቱታው እንኳ ቀረ። ሹብሃ ይህን ድምፅ ሰባት ዓመት አብራቸው ስትኖር ሰምታው አታውቅም፤ እኚህ ትንሽ ሴትዮ የት ደብቀውት እንደኖሩ እግዜር ይወቅ። የአባባ ዐይን ተገለጠ። አፋቸውን ከፈቱ። ሹብሃ ስኳሩን በማንኪያ ሰጠቻቸው፤ ዋጡ። ደገመች፤ ዋጡ። የባጃጁ ጥሩምባ በር ላይ ሲሰማ ላባቸው ደርቆ ቀና ብለው ተቀምጠዋል።

እማማ ያሙና ግን ያደረጉት ነገር ገና አሁን ገብቷቸው፣ በሳሪያቸው ጫፍ አፋቸውን አፍነዋል። አባባ እጃቸውን ዘርግተው ጨርቁን ቀስ አድርገው ገለጡት።

“እስቲ ድገሚው” አሏቸው።

እማማ ምራታቸውን በጎን አዩ። ሹብሃ ያልሰማች መስላ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች።

“ቱልሺራም” አሉ እማማ፣ ከትንፋሽ በማይበልጥ ድምፅ።

“አቤት” አሉ አባባ።